ባዶ መሬት የተባለው ጉድጓድ

ሰው ለምን እንደዘገየ መጻፍ እንጀራዬ ነው። ገዳሪፍ ውስጥ፣ ከፍርድ ቤቱ ማዶ በኒም ዛፍ ጥላ ሥር ባለች ጠባብ ክፍል፣ አንድ ሽማግሌ ማመልከቻ ጸሐፊ ይናገራሉ፤ እኔ በኮምፒውተር እመታለሁ። እሳቸው የአገሩ ሰው ናቸው። እኔ እዚሁ የተወለድኩ የሐበሻ ልጅ ነኝ፤ ዐረብኛውን ከትምህርት ቤት፣ አማርኛውን ከአባቴ ነው ያገኘሁት። የማመልከቻ ቀን ያለፈበት ሰው ሁሉ በእኛ በር ያልፋል። አንዱን ወባ ጥሎት ነበር፤ ሌላውን ጎርፍ መንገድ ቆርጦበት ነበር፤ ሦስተኛው የመጨረሻዋን መስመር የሚያነብለት ሰው አጥቶ ነበር። ሁሉንም እሰማና በልቤ እቆጣለሁ። ወረቀቱ እጅህ ገብቶ የለ? ቀኑ ከታች ተጽፎ የለ? ምን ስትጠብቅ ነበር? እላለሁ፤ በልቤ ብቻ፣ ደንበኛ አይሰደብም።

ታዲያ ይህን ሁሉ የምል ሴት፣ የገዛ አባቴ ቀን ሲያልቅ ቁጭ ብዬ አይቻለሁ። አላወቅኩም ነበር አልልም። አውቅ ነበር።

አባቴ ጉድጓድ ቆፋሪ ነበር። ከአርማጭሆ ወጥቶ ድንበሩን የተሻገረው በጎረምሳነቱ፣ አገሩ ሲታወክ ነው። ጥቂት ዓመት የሰው ማሽላ አጨደ፤ ከዚያ ዶማና ገመድ ገዝቶ ጉድጓድ ቁፋሮ ገባ። ገዳሪፍን የሚያውቅ ሰው ውሃ እዚህ ምን ማለት እንደሆነ ያውቃል። በክረምት ዋልካው ጭቃ ሆኖ ጫማ ያወልቃል፤ በበጋ ተሰነጣጥቆ እግር ይውጣል፤ ከሥሩ ግን ብዙ ጊዜ ምንም የለም። አባቴ ከከተማው ዳር፣ ክረምት ብቻ በሚወርድ ወንዝ አፋፍ ላይ አንዲት ቁራሽ መሬት አየና ይህቺ ውሃ አላት አለ። በምን አወቅክ ሲሉት አይመልስም ነበር። ሃያ ሁለት ክንድ ወርዶ አገኘው።

ገመዱን የያዙለት ጎረቤታችን ሐጂ ነበሩ። ለጉድጓድ ቆፋሪ ገመድ ያዥ ማለት ነፍስ ያዥ ማለት ነው። አፈሩን በባልዲ እየጎተተ የሚያወጣው፣ ሲመሽም ሰውየውን ራሱን የሚያወጣው እሱ ነው። አንድ ቀን ግድግዳው ከሥር ተንዶ አባቴን እስከ ወገቡ ቀበረው። ሐጂ ገመዱን በእጃቸው ጠምጥመው፣ ሰው እስኪደርስ እየጮኹ ያዙት። የዚያን ቀን የተላጠው መዳፋቸው ጠባሳው እስኪሞቱ አልጠፋም። ልጅ ሆኜ ሰላም ሲሉኝ እጄን ይሻክረኝ ነበር።

ስደተኛ በስሙ መሬት አያስጽፍም። ስለዚህ መሬቷ በሐጂ ስም ተጻፈች። በሁለቱ መካከል አንዲት ወረቀት፣ አንድ ምስክር አልነበረም። የአገራችን ሰዎች አባቴን ይመክሩት ነበር፤ ሰው ሟች ነው፣ ነገ ልጆቹ ቢክዱህስ ይሉታል። እሱ "ገመድ ያልለቀቀ ሰው ቃሉን ይለቃል?" ብሎ አፋቸውን ያስይዛቸዋል። ሎሚ ተከለ፤ ዘይቱን ተከለ፤ ከሥራቸው ባምያና ጅርጅር የሚባለውን ቅጠል ዘራ። የጉድጓዷን አፍ በድንጋይ ገነባ። እኔ ያደግኩት ከዚያች ጉድጓድ ውሃ እየጎተትኩ ነው፤ እውነቱን ለመናገር እጠላት ነበር። ሰው የጠላውን ነገር ምን ያህል እንደሚወድ የሚያውቀው ሊወሰድበት ሲል ነው።

ከጥቂት ዓመታት በፊት ወደ ቱነይድባ የስደተኞች መጠለያ የሚመላለሰው የጭነት መኪና ሲበዛ፣ መንገዱ ይስፋ ተባለ። ከመንገዱ ዳር ያለውን መሬት መዝግቦ ለባለቤቶቹ ምትክ የሚወስን አንድ ኮሚቴ ተቋቋመ። የእኛን ሊመዘግቡ በመጡበት ቀን አባቴ የሌላ ሰው ጉድጓድ ውስጥ ነበር። የእሾህ አጥራችን ረጅም ነው፤ ከመኪና ሳይወርዱ አይተውት የሄዱ ይመስለኛል። ውሳኔው ለሐጂ ደረሳቸውና ያንኑ ቀን በጀላቢያቸው ኪስ ይዘውት መጡ። ሐጂ ቁርኣን እንጂ የመሥሪያ ቤት ጽሑፍ አይደፍሩም ነበር፤ የወረቀት ነገር ሲሆን ለሁለቱም ቤት አንባቢዋ እኔ ነኝ።

አነበብኩ። ስፋቱ ትክክል ነው። ከዚያ ቀጥሎ "ባዶ መሬት፤ ተክልም ግንባታም የለበትም" ይላል። ስለዚህ ምትኩም ባዶ መሬት ነው፤ ከከተማው ወዲያ፣ ዋልካ ላይ፣ ውሃ በሌለበት። አባቴ ድገሚው አለኝ። ደገምኩት። ባዶ? አለ። እጆቹን አገላብጦ ሲያያቸው አየሁት።

ምን እንደሚፈልግ ያኔ ገባኝ። ምትኩ ቢሰፋ ቢጠብ ግድ አልነበረውም። ያ ወረቀት ጉድጓድ አለ እንዲል ነበር የፈለገው። ጉድጓድ አለ ከተባለ ምትኩም ውሃ ያለበት ይሆናል፤ ባዶ ነው ከተባለ ደግሞ ዕድሜውን ሙሉ በዚህ አገር ያደረገው ነገር የለም ማለት ነው። እንዲህ አድርጎ በአፉ አልተናገረም። እኔ ነኝ የምናገርለት።

ከውሳኔው ግርጌ ሁለት መስመር ነበር፤ ያልተስማማ ሰው ውሳኔው በደረሰው በሠላሳ ቀን ውስጥ ለፍርድ ቤት ያመልክት ይላል። አነበብኩላቸው። ሐጂ በሚመጣው ሳምንት እሄዳለሁ፣ እስከዚያ ጉልበቴም ይሻለኛል አሉና ወረቀቱን አጥፈው ወደ ኪሳቸው መለሱ። አባቴ በአገሬ ሰማይ አይታረስ ንጉሥ አይከሰስ ነው የሚባለው ብሎ በተሰባበረ ዐረብኛው ሲተረጉምላቸው ሐጂ እስኪያስላቸው ሳቁ። በአምስተኛው ቀን ሞቱ።

የሱዳን ሐዘን ፍራሽ ይባላል። ደጅ ላይ ድንኳን ተጥሎ ይነጠፋል፤ የሚመጣው ሁሉ መዳፉን ዘርግቶ ፋቲሓ ይላል። አባቴ ክርስቲያን ነው፤ እሱም መዳፉን ዘረጋ፤ ምን እንዳለበት እንጃ። ሦስቱንም ቀን ከዚያ አልጠፋም። ውሃ አመላለሰ፣ ወንበር አነሳ ጣለ፣ ለቀስተኛ ተቀበለ። በሦስተኛው ቀን ፍራሹ ተነሳ። ፍራሽ ተነሳ ማለት ለነሱ ሥራ ያለው ወደ ሥራው ይሂድ፣ ጉዳይ ያለው ጉዳዩን ይናገር ማለት ነው። እዚህ የኖረ ሁሉ ያውቀዋል። አባቴም ያውቀዋል። ግን ማወቅ ሌላ፣ መቀበል ሌላ። እኛም ሠልስት አለን፤ የእኛ ሠልስት ግን የሐዘን መጀመሪያ ነው። አርባው ሳይወጣ ሐዘንተኛ ቤት ገብቶ የንብረት ነገር ያነሳ ሰው በአባቴ አገር ለልጅ ልጅ ይወራበታል።

በአራተኛው ቀን ጠዋት ወረቀቱን ከሐጂ ልጅ እንቀበል፣ ቀኑ እየሄደ ነው አልኩት። የሐጂ ትልቁ ልጅ የጭነት መኪና ሹፌር ነው፤ ገዳሪፍና ኒው ሀልፋ እየተመላለሰ ይሠራል፤ ከእኔ ጋር በአንድ ሰፈር አፈር ፈጭተን ነው ያደግነው። መሬቷ በአባቱ ስም ስለሆነች ፍርድ ቤት መቅረብ የሚችለው እሱ ብቻ ነበር። አባቴ እንዲያ ባለ ዓይን አይቶኝ አያውቅም።

"የሰውየው አፈር ሳይደርቅ ወረቀት ልትጠይቂ ነው? አርባው ይውጣ።"

"አባዬ፣ እነሱ እኮ ሐዘናቸውን አንስተዋል።"

"እኔ አላነሳሁም" አለ።

ተናደድኩ። ግትርነቴ የአባቴ ነው ይሉኛል፤ እውነት ነው። ያን ጊዜ ማድረግ የነበረብኝ ነጠላዬን ጣል አድርጌ፣ ሃምሳ እርምጃ ተራምጄ፣ የሐጂን ልጅ ወረቀቱን ስጠኝ ማለት ነበር። ያደረግኩት ግን ማኩረፍ ነው። በእኛ ቤት ኩርፊያ ሥራ ነው፤ ከጠዋት እስከ ማታ ይሠራል። ምግቡን አቀርባለሁ፣ ደህና ዋል ደህና እደር እላለሁ፤ የወረቀቱን ነገር ግን በአፌ አላዞርም። ነግሬሃለሁ፣ አልሰማህም፣ እንግዲህ ታየዋለህ ነበር ልቤ የሚለው። አባቴ ዝም አይነቅዝም ይላል፤ ዝምታዬን መስማማት አድርጎ ወስዶት ጭራሽ ደስ ብሎት ሰነበተ።

በዚያው ሰሞን አንዲት ሴት ከኡም ጋርጉር ወረቀት ይዛ መጣች። ቀኗ በሁለት ቀን አልፏል። ወንድሜ ከአጨዳ እስኪመለስ ስጠብቅ ነው አለችኝ። ሁልጊዜ በልቤ የምለውን ያን ቀን በአፌ አልኩት። ምን ስትጠብቂ ነበር ብዬ ጮኽኩባት። ሽማግሌው ከመነጽራቸው በላይ አዩኝ፤ ሴትየዋም አንገቷን ደፋች። ሰው የሚጮኸው በማን ላይ እንደሆነ ሁልጊዜ አያውቅም። ያን ቀን ከአባቴ ወረቀት ላይ ሃያ ቀን ሄዶ ነበር።

ቀኑን እቆጥር ነበር ማለቴ ነው። የሥራ ልማድ ነው፤ ባልፈልግም ይቆጠራል። ሠላሳኛው ቀን ማክሰኞ ዋለ። ያን ቀን ሥራ አልሄድኩም፤ ፍርድ ቤቱ ፊት ተቀምጬ ቀኑ ሲያልቅ ማየት አልፈለግኩም። ለነፋሱ ብዬ የግቢያችንን በር ከፍቼ፣ በርጩማ ላይ ተቀምጬ ለአባቴ ምሳ ሽንኩርት እከትፍ ነበር። ፍርድ ቤቱ ዘጠኝ ሰዓት ላይ ይዘጋል። የገዳሪፍ ሽንኩርት ደግሞ ኃይለኛ ነው፤ እንባዬ በጉንጬ እየወረደ፣ በክንዴ እየጠረግኩ ሰዓቴን አየሁ። ዘጠኝ ሆነ። በቃ፣ አለቀ አልኩ።

የሚያሳፍረኝን ልናገር። ያን ጊዜ ትንሽ ደስ ብሎኛል። ልክ ነበርኩ።

አርባው ሲወጣ አባቴ ተምር ገዝቶ በሐጂ መስጊድ ደጅ ለነዳያን አደለ። ቄስም አልጠራ፣ ሼኽም አልጠየቀ፤ ተዝካሩን በራሱ መንገድ አወጣ። በማግስቱ ንጹሕ ልብሱን ለብሶ፣ እኔን ስኳርና ሻይ ቅጠል አስይዞ ሐጂ ቤት ሄድን። የሐጂ ልጅ በሣር በተከደነችው ዳሳቸው ሥር አልጋ አውጥቶ አስቀመጠን። አባቴ በቀጥታ አይናገርም። ስለ ዝናቡ ጠየቀ፣ ስለ ማሽላው ጠየቀ፣ ስለ መኪናው ጎማ ሳይቀር ጠየቀ። እኔ ጥርሴን ነክሼ ተቀመጥኩ። በመጨረሻ እንደዋዛ አድርጎ ያቺ ወረቀት አለ። የሐጂ ልጅ ገብቶ ወረቀቷን ይዞ ወጣ። በየቀኑ ስትከፈትና ስትታጠፍ የሰነበተች ነበረች፤ እጥፏ ላይ ልትቀደድ ደርሳለች።

"ያ አሚ" አለው፤ አጎቴ ማለቱ ነው። "ፍራሹ ከተነሳ ጀምሮ ስጠብቅህ ነበር፣ ወላሂ። ስትቀር ጊዜ በተሰጠህ ተስማምተሃል አልኩ። መሬቱ ያንተ ነው። እኔ ቀድሜ ባነሳው የራሴ ላደርገው የቸኮልኩ ይመስላል።"

አባቴ ወደ እኔ ዞረ። እኔ መሬት መሬት አየሁ። አንዱ ሐዘን ሲያከብር፣ አንዱ ባለቤቱን ሲያከብር፣ እንዲሁ ሲከባበሩ መሬቷን ለመንገድ ሰጧት። ይሉኝታ ቤት ያፈርሳል ሲባል እሰማ ነበር፤ ጉድጓድ ሲደፍን ያየሁት ግን በዚያ ዳስ ሥር ነው። ስለ እኔ ኩርፊያ ማንም አላነሳም። እኔም አላነሳሁም።

ሽማግሌው ማመልከቻ ጸሐፊ ታሪኩን ሰምተው ራሳቸውን ነቀነቁ። የእኛ ሰው ጅብ ከሄደ ውሻ ጮኸ የሚለው ለእንዲህ ያለው ነው፤ እሳቸው ግን ጨዋ ናቸው፣ አልተናገሩም። ምክራቸው አንድ ነበር፤ በሽታ እንጻፍ። የሐጂ ልጅ ወባ ይዞት ነበር እንበል፤ ዳኛ ከወባ ጋር አይከራከርም። የሐጂ ልጅ ሊስማማ ምንም አልቀረውም። አባቴ እምቢ አለ። ሞት የገባበት ቤት ላይ በሽታ አልጨምርም፣ የሆነውን ጻፉ አለ። የሆነውን ጻፍኩ። እንደዚያ ያለ ደካማ ምክንያት ጽፌ አላውቅም፤ እንደዚያ ያለ እውነትም ጽፌ አላውቅም። ብቻ ከሆነው ውስጥ አንድ ሰው ጎድሏል፤ ቀን ስትቆጥር የነበረችው ጸሐፊዋ።

እዚህ አገር ዳኛን ሙላና ነው የሚሉት፤ ሴትም ብትሆን። የእኛዋ ሙላና ድምፅዋን የማታነሳ፣ ፋይሉን በደንብ ያነበበች ሴት ነበረች። የሐጂን ልጅ ፍራሹ መቼ ተነሳ አለችው። በሦስተኛው ቀን አላት። ከዚያ በኋላ ምን አገደህ ስትለው ዞሮ አባቴን አየው። አባቴ ከኋላው ወንበር ተነሳ። ዳኛዋ ለሟቹ ምናቸው እንደሆነ ጠየቀችው።

"በወረቀት ምናቸውም አይደለሁም" አለ። "ገመድ ይዘውልኝ ነበር። እኛ አርባ ቀን ነው የምናዝነው። ልጁ ጥፋት የለበትም፤ ያስቆየሁት እኔ ነኝ።"

ዳኛዋ ብዕሯን አስቀመጠች። አላህ ይርሐማቸው አለች። ቀጥላም መሬቱ በሟች ስም ስለሆነ ሐዘኑም የሚታየው በሟች ቤት ልማድ ነው፣ እሱም በሦስተኛው ቀን አብቅቷል አለች። ማመልከቻው ዐሥራ ሰባት ቀን ዘግይቷልና አልተቀበለችውም። ጉድጓድ ይኑር አይኑር የሚለው ነገር ሳይነሳ ፋይሉ ተዘጋ። ዳኛዋን አልጠላኋትም። እኔም በእሷ ወንበር ብሆን እንደዚያው እፈርድ ነበር፤ ያበሳጨኝም ይኸው ነው።

ወደ ቤት ስንሄድ አባቴ ዱላውን እያስቀደመ ዝግ ብሎ ይራመዳል። ከአህያ ጋሪዎቹ ተራ ስንደርስ ቆመ።

"ነግረሽኝ ነበር" አለ። "ጥፋቱ የኔ ነው፣ ልጄ።"

እዚያ ላይ መናገር ነበረብኝ። አባዬ፣ ቀኑን ስቆጥር ነበር፤ ሲያልቅም እያየሁ ነበር፤ አኩርፌብህ ነው ማለት ነበረብኝ። ቃሉ አፌ ላይ ደርሷል። ፀሐዩ ከሯል፣ ደክሞታል፣ ነገ እነግረዋለሁ አልኩ። በማግስቱ እንግዳ መጣ። በሦስተኛው ቀን ሥራ በዛ። በስምንተኛው ቀን ከቀትር በኋላ ከሎሚው ሥር ጋደም አለ፤ ሻይ ይዤለት ብሄድ አይነቃም። ለሰው ሁሉ የመዘግየት ምክንያት ስጽፍ ኖሬያለሁ። የዚህን ምክንያት ግን የማቀርብበት ቦታ የለኝም።

የአገራችን ሰዎች ድንኳን ጣሉ። ሠልስቱ አለፈ። በአራተኛው ቀን ጠዋት ጥቁር ለብሼ ከሴቶቹ መሃል ተቀምጫለሁ፣ የሐጂ ልጅ መጣ። ሦስቱንም ቀን ከድንኳኑ አልጠፋም ነበር፤ አባቴ ለአባቱ እንዳደረገው ውሃ ሲያመላልስ ነው የሰነበተው። ያን ቀን ግን እጁ ላይ ወረቀት አለ። ሰው ሁሉ ወረቀቱን አየ። በእኛ ደንብ እንዲህ አይደረግም፤ እሱም ከእኛ ጋር አድጎ ደንባችንን ያውቃል። ግንባሩ በላብ ተጠምቋል። በሴቶቹ መሃል አልፎ አጠገቤ ቁጢጥ አለ።

"የኔ አባት ቤት ፍራሽ በሦስተኛው ቀን ይነሳል" አለኝ። "ያ አሚም የእኛ ሰው ነው። ለይግባኝ የተሰጠን ዐሥራ አምስት ቀን ነው፤ ሦስት ቀረን። ሽማግሌው ልከውኝ ነው፣ ዛሬ ጻፊው።"

ከጎኔ የተቀመጡት አሮጊት፣ የአባቴ አገር ሰው ናቸው፣ ሰምተው ደነገጡ። ኧረ ልጄ፣ የአባትሽ አፈር እንኳ ሳይደርቅ አሉኝ። የአባቴን ቃል ከነአባባሉ ነበር ያሉት። ባላዝን ኖሮ እስቅ ነበር። ነጠላዬን አጣፋሁና ተነሳሁ። ሐዘንተኛ ሴት ከነጥቁሯ በገበያ መሃል ስታልፍ ሰው ምን ይል ይሆን እያልኩ ነው የሄድኩት፤ ግን ሄድኩ።

ሽማግሌው ከአባቴ ድንኳን ሥር ተቀምጠው ሦስት ቀን ሲያስቡ ከርመዋል። ያገኙት ነገር ቀላል ነው። ውሳኔው በደንቡ የደረሰው ለሐጂ ነው። ሐጂ ሞቱ። ለወራሻቸው ግን ማንም በደንቡ አላደረሰም፤ ወረቀቷ በቤቱ መገኘቷ ለእሱ ደርሳለች አያሰኝም። እንግዲያው የእሱ ሠላሳ ቀን ገና አልጀመረም። ይህን ለምን በመጀመሪያው አላሰቡትም ብዬ ልቆጣ ነበር፤ ማንን ነው የምቆጣው ብዬ አፌን ያዝኩ። ጻፍኩት። አንድ ገጽ እንኳ አልሞላም። የአባቴ አርባ ቀን፣ የሐጂ መዳፍ፣ የሁለቱ መከባበር፣ አንዱም አልገባበትም። በዚያው ቀን መዝገብ ቤት ገባ፤ ማኅተሙ ሲመታ ሰምቼ ወደ ለቅሶዬ ተመለስኩ።

የአባቴንም አርባ እንደ ደንቡ አወጣሁ። አሮጊቷም መጡ፤ አኩርፈውኝ ነበርና አልተናገሩኝም፤ ግን መጡ።

ከብዙ ወራት በኋላ የይግባኙ ፍርድ ቤት ማመልከቻውን ተቀበለ። መሬቱ በባለሙያ ይታይ አለ። ባለሙያው ሲመጣ ጉድጓዷ እንዳለች ነበረች። ካርቱም ላይ ጦርነቱ ከተነሳ ወዲህ ከተማችን የሸሸ ሰው ሞልቷት፣ የመንገዱ ሥራ ቆሞ ነበር፤ መዘግየት በጎ የዋለልን እዚያ ላይ ብቻ ነው። ባለሙያው ሎሚዎቹን ቆጠረ፣ ዘይቱኖቹን ቆጠረ። ክር ላይ ድንጋይ አስሮ ወደ ጉድጓዷ ለቀቀ። ድንጋዩ ውሃ ሲመታ እሱም፣ እኔም፣ የሐጂ ልጅም ሰማን። "አንድ ጉድጓድ፣ አፉ በድንጋይ የተገነባ፣ ውሃ አለው" ብሎ ሲጽፍ በትከሻው ላይ አንገቴን አስግጌ አነበብኩ። ማን ቆፈረው የሚል ጥያቄ ቅጹ ላይ የለም። መስመሩን ሁለተኛ አነበብኩት፤ ድገሚው የሚለኝ ሰው ባይኖርም።

ባለሙያው አጥሩን ሊለካ ሲሄድ ከሐጂ ልጅ ጋር ከጉድጓዷ አፍ ላይ ተቀመጥን። ለማንም ያልተናገርኩትን ለእሱ ተናገርኩ። ቀኑን ስቆጥር እንደነበር፣ ሠላሳኛው ቀን ማክሰኞ እንደነበር፣ ሰዓቱ ሲያልፍ እያየሁ ዝም እንዳልኩ ነገርኩት። ይቆጣኛል ብዬ ጠብቄ ነበር። ጠጠር አንስቶ በእጁ ሲያገላብጥ ቆየ።

"እኔም ስቆጥር ነበር" አለ። "በዚያ ማክሰኞ ከቀትር በኋላ ወረቀቱን ይዤ እስከ በራችሁ መጥቼ ነበር። በሩ ክፍት ነው። አንቺ ብቻሽን ተቀምጠሽ ታለቅሻለሽ፤ እንባሽን በክንድሽ ትጠርጊያለሽ። እነዚህ ሰዎች አባቴን እስከ ዛሬ እንዲህ እያለቀሱ፣ እኔ ልጁ እንዴት የመሬት ወረቀት አወጣለሁ ብዬ ተመለስኩ።"

"ሽንኩርት ነበር" አልኩት።

ቀና ብሎ አየኝ። ባለሙያው ከአጥሩ ማዶ ኑና ፈርሙ እያለ ተጣራ። ሁለታችንም ወዲያው አልተነሳንም።